ኤርቪን ስታውብ፦ ጋሪ የምትገፋውን ሴት ሲያጠና የኖረው ሊቅ

አንባቢው (ውይይቱን የከፈተ)

ሰሞኑን የአንድ ሰው ታሪክ ከአእምሮዬ አልወጣ ብሎኝ ነው ይህን የምጽፈው። ኤርቪን ስታውብ ይባላል። በ1938 ሃንጋሪ ውስጥ ከአይሁዳውያን ቤተሰብ የተወለደ የሥነ ልቦና ሊቅ ነው (ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ሰው ለማይዛመደው ሰው ብሎ ራሱን ለአደጋ የሚያጋልጠው ለምንድን ነው? ከቡድን ጋር ሲሆን ጎረቤቱን የሚገድለውስ? እነዚህን ሁለት ጥያቄዎች ጎን ለጎን ይዞ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ሠራ። ብዙዎቹ ተመራማሪዎች ወይ ደግነትን ወይ ጭካኔን መርጠው ይሄዳሉ። እርሱ ግን ሁለቱንም በልጅነቱ ያወቃቸው በአንድ ዓመትና በአንድ ከተማ ነው።

ከተማው ቡዳፔስት ነው። በመጋቢት 1944 የጀርመን ጦር ሃንጋሪን ያዘ። ከግንቦት እስከ ሐምሌ በነበሩት ሳምንታት ብቻ ከ400 ሺህ በላይ አይሁዳውያን ከዋና ከተማው ውጭ ካሉ አካባቢዎች በባቡር ተጭነው፣ አብዛኞቹ አውሽዊትዝ ወደሚባለው የናዚዎች የሞት ካምፕ ተወሰዱ። በጥቅምት ደግሞ የቀስት መስቀል የሚባለው የሃንጋሪ ናዚዎች ፓርቲ ሥልጣን ጨበጠና ግድያው የቡዳፔስት ጎዳና ላይ ወጣ። ኤርቪን ያን ጊዜ የስድስት ዓመት ልጅ ነው።

ቤተሰቡን ካተረፉት መካከል አንደኛው ወረቀት ነው። ስዊድናዊው ዲፕሎማት ራውል ዋለንበርግ ሰማያዊና ቢጫ ቀለም ያለው፣ ሦስት ዘውድ የታተመበት የጥበቃ ሰነድ ያድል ነበር። ሕግ አዋቂ ቢመረምረው ብዙም የሚያስመካ አልነበረም፤ ማኅተሙና ፊርማው ግን በር ላይ የቆመው ታጣቂ እንዲያመነታ ያደርገው ነበር። ሰነዱ ያላቸው ሰዎች "የተጠበቁ" በሚባሉ ቤቶች ውስጥ ታጭቀው ይኖሩ ነበር።

ሁለተኛዋ ማሪያ ናት፤ "ማች" እያሉ ይጠሯታል። የቤተሰቡ ሠራተኛ ነበረች፤ ክርስቲያን በመሆኗም ማንም አይፈልጋትም፣ ጥላቸው ብትሄድ ማንም አይጠይቃትም። እርሷ ግን ሊጥ ታቦካና በሕፃን ጋሪ ጭና ወደ ዳቦ ቤት ትወስዳለች፤ ሲጋገር መልሳ በተጠበቀው ቤት ላሉት ታደርሳለች። አንድ ቀን ናዚዎቹ ያዟት። አይሁዳውያንን ትረጃለሽ ብለው እጇን ወደ ላይ አስነሥተው ከግድግዳ ጋር አቆሟት፣ አስፈራሯት። ሲለቋት ያንኑ ሥራ ቀጠለች።

ስታውብ የ1956ቱ የሃንጋሪ አመፅ ሲደመሰስ በ18 ዓመቱ ተሰደደ። ቪየና ቆይቶ አሜሪካ ገባ፣ በ1965 ከስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ ዶክትሬቱን አገኘ፣ ሃርቫርድ አስተማረ፤ ከዚያ ማሳቹሴትስ ዩኒቨርሲቲ አምኸርስት ገብቶ እዚያው ቀረ። እኔን የከነከነኝ ግን ዲግሪው ሳይሆን ጋሪዋ ነው። ያችን ሴት ከግድግዳው ተነሥታ ወደ ጋሪዋ የመለሳት ምንድን ነው? እስቲ የምታውቁትን ጻፉ።


ጠያቂው

ታሪኩ ልብ ይነካል፤ ሳይንሱ ላይ ግን ጥርጣሬ አለኝ። ይህ ሰው ሥራውን የጀመረው ሕፃናትን አንድ ክፍል ውስጥ አስቀምጦ ከጎረቤት ክፍል የልቅሶ ድምፅ በማሰማት ነው። በድምፅ መቅጃ ተጀምሮ ስለ ዘር ፍጅት መጽሐፍ እስከ መጻፍ የተደረሰው በየትኛው ድልድይ ነው? የማሪያን ታሪክ ከሙከራው ፊት ካስቀደምነው ደግሞ ዕንባችን ፍርዳችንን ይሸፍነዋል።


መምህር በጡረታ

ልጄ ጠያቂው፣ ድልድዩን ልንገርህ። እነዚህን ሙከራዎች ለብዙ ዓመት አስተምሬያቸዋለሁ፤ ከተማሪዎቼ ጋር መንገድ ላይ ስንገናኝ ሌላውን ሁሉ ረስተው የሚያስታውሱት እነዚህን ነው።

በመጀመሪያው ሙከራ ልጆቹ ከመዋዕለ ሕፃናት እስከ ስድስተኛ ክፍል ያሉ ናቸው። ልጁ ብቻውን ወይም ከሌላ ልጅ ጋር ተቀምጦ ሳለ ከወዲያኛው ክፍል የመውደቅ ድምፅ፣ ቀጥሎም ልቅሶ ይሰማል። ልጅ እያደገ ሲሄድ ተነሥቶ የመርዳት ነገሩም አብሮ ያድጋል ብለህ ትገምታለህ። እስከ ሁለተኛ ክፍል እንደዚያው ሆነ። ከዚያ በኋላ ግን ቁልቁል ወረደ፤ የስድስተኛ ክፍል ልጆች ከታናናሾቻቸው ባነሰ ሁኔታ ነው የተነሡት።

ስታውብ ይህን አይቶ "ልጆች ሲያድጉ ልባቸው ይደነድናል" ብሎ ጽፎ ማለፍ ይችል ነበር። አላለፈውም። በሌላ ሙከራ የሰባተኛ ክፍል ልጆችን አመጣና ለከፊሎቹ በመሃል አንዲት ተራ ዐረፍተ ነገር ጣል አደረገላቸው፦ እርሳስ ካስፈለጋችሁ ወዲያኛው ክፍል መግባት ትችላላችሁ። ይህን የተባሉት ልቅሶውን ሲሰሙ ከሌሎቹ በዝተው ተነሡ። ስለዚህ ሌሎቹ ርኅራኄ አጥተው አልነበረም የተቀመጡት። ትልቅ ሰው ያልፈቀደላቸውን በር መክፈት ነው የፈሩት። ሥነ ሥርዓት ስናስተምር አብረን የምናስተምረውን ነገር እዚህ ላይ አየሁት፤ እኔ ራሴ ስንቱን ልጅ "ከቦታህ እንዳትነቃነቅ" ብያለሁ።

ሦስተኛው ከትልልቅ ሰዎች ጋር የተደረገው ነው። አብሮ የተቀመጠው ሰው የተመራማሪው ተባባሪ ነው፤ ድምፁ ሲሰማ የሚናገረው አስቀድሞ ተሰጥቶታል። "ምንም አይደለም" ዓይነት ነገር ሲል ብዙው ሰው ባለበት ይቀመጣል። "ይሄስ ከባድ ይመስላል፣ ሂድና እይ" ሲል ግን አንድም የሚቀር አልነበረም፤ ሁሉም ሄዱ። ድምፁና ክፍሉ አልተለወጡም፤ የተለወጠው አጠገብ የተቀመጠው ሰው አፍ ብቻ ነው።

ድልድዩ ይህ ነው። በጭካኔ ጊዜ ዳር ቆሞ የሚመለከተው ሕዝብ ለገዳዩም ለሟቹም አጠገቡ እንደተቀመጠው ሰው ነው፤ ዝም ሲል "ምንም አይደለም" እያለ ነው።


አዲስ ገቢ

መምህር፣ ይህ የኒው ዮርኳ ኪቲ ጄኖቪዝ ጉዳይ አይደለም? በ1964 38 ሰዎች በመስኮት እያዩ ስትገደል አንድም ሰው ስልክ አላነሣም የተባለው።


መምህር በጡረታ

እሱ ታሪክ በዚያ መልኩ ከእንግዲህ ባይነገር ይሻላል። 38 የሚለው ቁጥር የጋዜጣ ነው፤ ጋዜጣው ራሱ ከብዙ አሥርት ዓመታት በኋላ ዘገባው የተጋነነ እንደነበር አምኗል። ብዙዎቹ ጎረቤቶች ያዩት ቁራጭ፣ የሰሙት ጩኸት ነበር። ሶፊያ ፋራር የተባለች ጎረቤት ደግሞ ገዳዩ ይኑር አይኑር ሳታውቅ ደረጃ ወርዳ ሄዳ ልጅቷን አቅፋታለች። ያችን ሴት ዘገባው ረሳት።

የሐሰቱ ታሪክ ግን እውነተኛ ምርምር ወለደ። በ1968 ጆን ዳርሊና ቢብ ላታኔ ባሳተሙት ሙከራ፣ አንድ ሰው በመነጋገሪያ መስመር በሚጥል በሽታ ሲያዝ ይሰማል። የሰማሁት እኔ ብቻ ነኝ ብለው ካሰቡት 85 በመቶ ለርዳታ ተነሡ፤ ሌላ አንድ ሰው ሰምቷል ብለው ካሰቡት 62 በመቶ፤ ሌሎች አራት ሰምተዋል ካሉት 31 በመቶ። እነርሱ የሌሎች መኖር ኃላፊነትን እንደሚያሳሳ አሳዩ። የስታውብ ጭማሪ ደግሞ ያ አጠገብህ ያለው ሰው ከተናገረ ነገሩ እንደሚገለበጥ ማሳየቱ ነው። እንዲያውም በትንንሾቹ ልጆች ዘንድ ሁለት ሆነው ሲቀመጡ ከብቻቸው ይልቅ ይነሡ ነበር፤ ፍርሃታቸውን እርስ በርስ ይነጋገሩታላ።


የሌሊት ተረኛ

ነርስ ነኝ። የማንንም ስም አልጠራም፤ ጊዜውም አልፏል።

አንድ ሌሊት ሦስት ሆነን ቆመናል፤ ለሕፃን በሽተኛ የመድኃኒት መጠን በቃል ታዘዘ። የሰማሁት ቁጥር በዛብኝ። ብልቃጡን አንሥቼ ጽሑፉን አነበብኩ፤ መልሼ አነበብኩ። ያዘዙት ሐኪም በሙያውም በዕድሜውም ከእኔ በላይ ናቸው። አጠገቤ ያለችውን ባልደረባዬን አየሁ፤ ፊቷ ላይ ምንም የለም፤ እሷ ካልደነገጠች ተሳስቼ ነው አልኩ። መድኃኒቱ ወደ መርፌው እየገባ ሳለ ከኋላችን ቆማ የነበረች ተለማማጅ ተማሪ "ይቅርታ፣ አንድ ነው ወይስ አሥር?" አለች። የጠየቀችው ለመማር ነበር፤ ማስታወሻ ደብተሯን ይዛለች። ሐኪሙ ቀና አሉ፤ ዝም አሉ፤ ከዚያ "አንድ" አሉ።

በኋላ እጃችንን ስንታጠብ ባልደረባዬ ምን እንዳለችኝ ታውቃላችሁ? "እኔም በዝቶብኝ ነበር፤ አንቺን ሳይሽ ዝም አልኩ።" የመምህርን ጽሑፍ ሳነብ ያ ሌሊት ነው የመጣብኝ። የአንዳችን ዝምታ ለሌላችን ማስረጃ ሆኖ ነበር።


ጠያቂው

እህቴ፣ ያጋጠመሽን በማካፈልሽ አመሰግናለሁ፤ መምህርንም እንዲሁ። ሙከራዎቹን አቃልዬአቸው ነበር፤ ይህን እቀበላለሁ።

ጥያቄዬ ግን አልተነካም። ሆስፒታሉ ውስጥ የነበሩት ሁሉ ልጁ እንዲድን ይፈልጋሉ። በዘር ፍጅት ውስጥ ደግሞ መንግሥት አለ፣ በጀት አለ፣ የባቡር የጊዜ ሰሌዳ አለ። በሐምሌ 1942 ፖላንድ ውስጥ፣ ዮዜፎቭ በተባለች ትንሽ ከተማ የጀርመን ተጠባባቂ ፖሊስ ሻለቃ 101ን ተመልከቱ። ወደ 500 የሚሆኑ ሰዎች ናቸው፤ ብዙዎቹ መካከለኛ ዕድሜ ላይ የደረሱ ተራ ሠራተኞች። አዛዣቸው ዕንባው እየተናነቀው ተግባሩን ነገራቸውና አልችልም የሚል ካለ ወደ ፊት ይውጣ አላቸው። ፈቃዱ ተሰጠ ማለት ነው፤ እንደዚያ የእርሳስ ዐረፍተ ነገር። አንዱ ቀድሞ ወጣ፤ ተከትለውት የወጡት ደርዘን ያህል ናቸው። የቀሩት በዚያ ቀን 1,500 ያህል አይሁዳውያንን፣ ሴቶችና ሕፃናት ጭምር፣ ተኩሰው ገደሉ። አንድ ሰው ከሰልፉ ወጥቷል፤ ታዲያ "አጠገብ ያለው ሰው" ምን ፈየደ?


አንባቢው

ጥሩ ቦታ ነው የመታኸኝ። ስታውብ ግን መልሱን ከዚያች ጠዋት አይጀምርም። በ1989 በወጣው "የክፋት ሥሮች" በሚለው መጽሐፉ የሚለው፣ ሰልፉ ላይ የቆመው ሰው እዚያ የደረሰው ዓመታት ፈጅቶ ነው። መነሻው የኑሮ መቃወስ ነው፤ የኢኮኖሚ ውድቀት፣ የፖለቲካ ትርምስ፣ የክብር መዋረድ። ሕዝብ ማንነቱ ሲናወጥ ጥፋተኛ ይፈልጋል፤ ከዚያ "እነ እገሌ ባይኖሩ ኖሮ" የሚል ርዕዮተ ዓለም ያገኛል። ቀጥሎ ደረጃው ይመጣል። ጀርመን ውስጥ በሚያዝያ 1933 የአይሁዳውያን ሱቅ እንዳይገዛ ዘመቻ ተደረገ፤ በዚያው ወር ከመንግሥት ሥራ ተባረሩ። በ1935 የአይሁዳውያንን ዜግነት የነጠቁት የኑረምበርግ ሕጎች ወጡ። በኅዳር 1938 ምኩራቦች ተቃጠሉ። በያንዳንዱ ደረጃ ሰው የሚያደርገው ነገር ራሱን ይለውጠዋል፤ ትናንት የበደልኩት ሰው ይገባዋል ብዬ ካላመንኩ ራሴን መታገሥ አልችልም፤ ካመንኩ ደግሞ ነገ የባሰውን ማድረግ ይቀለኛል። በ1942 ጠዋት ላይ የቆመ ሰው ከዘጠኝ ዓመት ደረጃ በኋላ ነው የተጠየቀው። ስለዚህ ነው ስታውብ ሁልጊዜ ሰው "በጊዜ" ይናገር የሚለው።

አካል ጉዳተኞችንና የአእምሮ ሕሙማንን ለመግደል ናዚዎች የጀመሩትን ዘመቻም ይጠቅሳል። ቤተሰቦች አጉረመረሙ፤ በነሐሴ 1941 ጳጳሱ ክሌመንስ ፎን ጋለን ከመድረክ በግልጽ አወገዙት። በዚያው ወር ሂትለር ዘመቻው እንዲቆም አዘዘ።


ጠያቂው

ከ70 ሺህ ሰው በኋላ ነው የቆመው። ደግሞ አልቆመም፤ በስውር፣ በረሃብና በመርፌ እስከ ጦርነቱ ማብቂያ ቀጥሏል። ሁለቱንም ግማሽ እንጻፍ።


አንባቢው

ልክ ነህ፤ መጨመር ነበረብኝ።


ሬዲዮ አድማጭ

እኔ ደግሞ ወደ ሩዋንዳ ልውሰዳችሁ፤ የስታውብ ሐሳብ ከወረቀት ወጥቶ የተፈተነው እዚያ ስለሆነ። በ1994 በመቶ ቀን ገደማ ውስጥ በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ፣ በብዛት ቱትሲዎች፣ ተገደሉ፤ ሬዲዮ የጥላቻው ዋና መሣሪያ ነበር። ስታውብ ከ1990ዎቹ ማብቂያ ጀምሮ ከሥነ ልቦና ባለሙያዋ ሎሪ ፐርልማን ጋር እየተመላለሰ እዚያ ሠርቷል። በ2004 ደግሞ አንድ የኔዘርላንድ ድርጅት በእነርሱ ሐሳብ ላይ ተመሥርቶ "ሙሴኬዌያ"፣ አዲስ ንጋት ማለት ነው፣ የተባለ ተከታታይ የሬዲዮ ድራማ ጀመረ። ቡማንዚና ሙሁሙሮ የተባሉ ሁለት የልብ ወለድ መንደሮች አሉ፤ በመሬት ይጣላሉ፤ ሹም ጥላቻ ይዘራል፤ ከሁለቱ መንደር የሆኑ ወጣቶች ይዋደዳሉ፤ ጥቂቶች ደፍረው ይናገራሉ። ስለ ሁቱና ቱትሲ በስም አይነገርም፤ አድማጩ ግን አይጠፋውም።

ኤልዛቤት ሌቪ ፓሉክ የተባለች ተመራማሪ ይህን በሜዳ ሙከራ ለካችው፤ ውጤቱ በ2009 ወጣ። አንዳንድ ማኅበረሰቦች ለአንድ ዓመት ድራማውን፣ ሌሎቹ ስለ ጤና የሚያስተምር ሌላ ድራማ ሰሙ። መጨረሻ ላይ የሰዎቹ የግል እምነት ብዙም አልተለወጠም። የተለወጠው "እዚህ ሰፈር ሰው ምን ያደርጋል፣ ምንስ ይጠበቅበታል" የሚለው ግምታቸውና ጠባያቸው ነው።

እኔ የምወደው ቦታ ይህ ነው። ጥናቱ ሲያበቃ ለየማኅበረሰቡ የካሴት ማጫወቻና የድራማው ካሴቶች በስጦታ ተሰጡ፤ ስጦታው ማን ዘንድ ይቀመጥ ተባለ። የጤናውን ድራማ ሲሰሙ የቆዩት በአብዛኛው ለአካባቢው ሹም ሰጥተው ቶሎ ተበተኑ። ሙሴኬዌያን የሰሙት ግን ተከራከሩ። አንዱ ለሹሙ እንስጥ ሲል ሌላው ለምን ይላል፤ ከብዙ ንግግር በኋላ አብረን እናስተዳድረው አሉ። ከላይ የመጣን ሐሳብ "ቆይ እስቲ" ማለት በካሴት ማጫወቻ ላይ ሲለማመዱ ታየኝ።


ጠያቂው

ይህን በጣም ወደድኩት፤ እምነት አለመለወጡን ሳትደብቅ ስለጻፍከውም አመሰግናለሁ። ግን ያችው ተመራማሪ ምሥራቅ ኮንጎ ውስጥ የሠራችውም አለ፤ በ2010 ታትሟል። እዚያ ከድራማው በኋላ አድማጩ እንዲወያይ የሚገፋ ተጨማሪ የሬዲዮ ዝግጅት ለከፊሎቹ ተሰጠ። እነዚያ በእርግጥም የበለጠ ተወያዩ፤ ግን አለመቻቻላቸው ጨመረ፤ ቂማቸው በረታ፤ የማይወዱትን ወገን የመርዳት ፍላጎታቸው ቀነሰ። መናገር ሁሉ መድኃኒት አይደለም። የሚናገረው ሰው ምን ይላል የሚለው ነው ጥያቄው፤ የስታውብ ተባባሪም እኮ "ምንም አይደለም" ብሎ ሰውን አስቀምጧል።


ሕግ ተማሪ

አጭር ጭማሪ ከእኔ። በ1991 የሎስ አንጀለስ ፖሊሶች ሮድኒ ኪንግን ሲደበድቡ ሌሎች ፖሊሶች ቆመው ያዩ ነበር። ከዚያ በኋላ ስታውብ በካሊፎርኒያ ፖሊስ ባልደረባውን እንዴት እንደሚያስቆም የሚያሠለጥን ሥርዓት አዘጋጀ። ብዙ ጊዜ ችላ ተብሎ ቆየና የኒው ኦርሊንስ ፖሊስ በሐሳቡ ላይ ተመሥርቶ የራሱን ሥልጠና ጀመረ፤ በ2020 ደግሞ በጆርጅታውን የሕግ ትምህርት ቤት በኩል ወደ ሌሎች ከተሞች ተስፋፋ።

በ2020 ጆርጅ ፍሎይድ ሚኒያፖሊስ ውስጥ ሲገደል ፖሊሱ አንገቱን በጉልበቱ ተጭኖ የቆየው 9 ደቂቃ ከ29 ሴኮንድ ነው። ከሌሎቹ ፖሊሶች አንዱ፣ ሥራ ከጀመረ ቀናት ብቻ የሆነው፣ "በጎኑ እናዙረው?" ብሎ ጠይቋል። ነባሩ ፖሊስ አይሆንም አለ፤ ጀማሪው ተወው። ጠያቂው ይህን ለአንተ ማስረጃ አድርገህ ልትወስደው ትችላለህ። እኔ የምለው ግን፣ ሥልጠናው ግማሹ የሚያስቆመውን ሰው የሚመለከት ሲሆን ግማሹ የሚቆመውን የሚመለከት ነው። ባልደረባህ እጅህን ሲይዝህ እንደ ስድብ እንዳትቆጥረው ነው የሚያለማምደው። ሚኒያፖሊስ ላይ የጠፋው ይህ ሁለተኛው ነበር።


አዲስ ገቢ

ስለ ማሪያ የተጠየቀው ግን ተረሳ። ለምን አደረገችው?


አንባቢው

አልተረሳም፤ አጥጋቢ መልስ ስላጣሁ ነው የሸሸሁት። ስታውብ "ከመከራ የሚወለድ ደግነት" የሚለው ነገር አለ፤ የተበደለ ሰው ሁሉ በዳይ አይሆንም፣ በመከራው ውስጥ አንድ የደረሰለት ሰው ካለ ለሌላው ደራሽ ሊሆን ይችላል ይላል። ይህ ግን ይበልጥ የራሱ የስታውብ ታሪክ ነው።

ወደ ማሪያ የሚያቀርበኝ የሳሙኤልና የፐርል ኦሊነር ጥናት ነው፤ በ1988 ወጣ። ሳሙኤልም በልጅነቱ ፖላንድ ውስጥ በአንዲት ክርስቲያን ሴት የዳነ ነው። በናዚ ዘመን አይሁዳውያንን ያዳኑ ብዙ ሰዎችን አነጋገሩ። ወላጆቻቸው ሲያጠፉ ከመምታት ይልቅ አስረድተው ያሳደጓቸው፣ "የእኛ" የሚሉት ክበብ ሰፊ የሆነላቸው ሰዎች በዙባቸው። ደግሞም አብዛኞቹ ለመጀመሪያ ጊዜ የረዱት ራሳቸው አስበው ሳይሆን ሰው ስለጠየቃቸው ነው። መጀመሪያ ለአንድ ሌሊት ብለው ያስጠጉት ሰው ሁለት ዓመት ይቆያል። ደረጃው ወደ በጎውም ይወጣል ማለት ነው። ማሪያም ያችን ጋሪ ከመግፋቷ በፊት ስንት ትንንሽ ነገር ለእነዚያ ልጆች አድርጋ ይሆን? ገንፎ ሠርታ፣ ጫማ አሥራ፣ ሲታመሙ አድራ። ልጆቹ የእሷም ነበሩ።


ጠያቂው

ይህኛው ከሙከራዎቹ ሁሉ ይበልጥ አሳምኖኛል። ስለ መንግሥትና ስለ ባቡር ሰሌዳ ያልኩትን ግን አላነሣም።


መምህር በጡረታ

አታንሣ፤ ይቆይ። እኔ የሌሊት ተረኛዋን አንድ ነገር ልጠይቃት። ልጄ፣ ከዚያ ሌሊት ወዲህ እንዲህ ያለ ነገር ሲገጥምሽ ምን ትያለሽ? ቃሉን ነው የምፈልገው።


የሌሊት ተረኛ

መምህር፣ ብዙ ቃል ሞክሬአለሁ። "ተሳስተዋል" ማለት አይቻልም፤ ሰው ይቆጣል፣ ጊዜም ይባክናል። አሁን ብልቃጡን ወደ መብራቱ አስጠጋለሁና "አንድ ጊዜ አብረን እናንብበው" እላለሁ። ባልደረባዬ ደግሞ ያለ ምንም ምክንያት፣ ልክ ሲሆንም፣ "እናንብበው" ማለት ጀምራለች። አንዳንዱ ሐኪም ይሰለቻል። ያነባል ግን።